የሟቹ ዘፈኖች ባለቤት

(በአንዲት ትንሽ የቡልጋሪያ ከተማ፣ የጥምቀት ዋዜማ። አኮርዲዮን ተጫዋቹ ኩዝማን በሩን በግማሽ ከፍቶ ቆሟል። ደጃፉ ላይ፣ ሃያ ዓመት አብሮት የሠራው ዘፋኝ ዛፕርያን ጥቁር ጠርዝ ያለው የሐዘን ማስታወቂያ ይዟል።)

ኩዝማን፦ ሞተሃል አልኩህ። የሞተ ሰው ደግሞ በር አያንኳኳም።

ዛፕርያን፦ ደወሉ ተበላሽቷል እኮ።

ኩዝማን፦ ስለ ደወሉ አይደለም የማወራው። ዳቦ ቤቱ ላይ ተለጥፈሃል፣ መድኃኒት ቤቱ ላይ ተለጥፈሃል፣ አውቶቡስ ፌርማታው ላይ ተለጥፈሃል። ሦስት ቦታ ከተለጠፈ ማን ይከራከራል?

ዛፕርያን፦ የፊልሙ ነው። ሟች ዘፋኝ ሆኜ ሠራሁ አላልኩህም? ለቀረጻ ለጥፈው ማንሳቱን ረሱት።

ኩዝማን፦ ፎቶው ግን ያንተ ነው።

ዛፕርያን፦ ሟቹ እኔ ነኛ።

ኩዝማን፦ ይኸው፣ አመንክ።

ዛፕርያን፦ (ጥቂት አስቦ) ፊልሙ ውስጥ።

ኩዝማን፦ አንተ ድሮም ሥራው አይገባህም። ሃያ ዓመት ስትዘፍን ሬዲዮ አንድ ቀን ጠርቶሃል? በሞትክ በሦስተኛው ቀን ግን ከጠዋት ጀምሮ አንተው ነህ። ሚስቴ እንኳ ንፍሮ ቀቅላልሃለች።

ዛፕርያን፦ ሬዲዮውን ሰምቻለሁ። አንተም ነበርክበት።

ኩዝማን፦ (የኮቱን ቁልፍ ይቆልፋል) ሐዘኔን ለመግለጽ ነው።

ዛፕርያን፦ «ዘፈኖቹን ሁሉ የደረስኩት እኔ ነኝ፣ እሱ ድምፁን ነው ያዋሰኝ» ነው ያልከው።

ኩዝማን፦ አየህ፣ አይገባህም። ደራሲው የሞተበት ዘፈን ወላጅ አልባ ነው። ሌባ እንዳይወስዳቸው ብዬ ቀድሜ ወሰድኳቸው።

ዛፕርያን፦ ታዲያ አሁን መጣሁ። መልስልኝ።

ኩዝማን፦ አሁንማ አገር ሰምቷል። ካፍ ከወጣ አፋፍ።

ዛፕርያን፦ ኩዝማን፣ በሃያ ዓመት ያፈራሁት እነሱን ብቻ ነው። ሚስት የለኝ፣ ቤት የለኝ።

ኩዝማን፦ ትወና አለህ። ሬሳ ሆነህ ጎበዝ ነበርክ አሉ።

ዛፕርያን፦ እሺ። የፊልሙ ዳይሬክተርም ሬዲዮውን ሰምቶ ነው የላከኝ። ለመጨረሻው ትዕይንት የዘፈኖቹን ደራሲ ራሱን ይፈልጋል።

ኩዝማን፦ (በሩን ወለል አድርጎ ይከፍታል) ግባ እንጂ ወንድሜ፣ ብርድ ላይ ምን ያቆምሃል። ዋና ገጸ ባሕርይ ነው?

ዛፕርያን፦ ዋና። ነገ ቄሱ መስቀሉን ወንዝ ውስጥ ሲወረውሩ፣ ደራሲው ሊያወጣው በሸሚዝ ዘሎ ይገባል። በረዶውን በመጥረቢያ ሰብረው ጨርሰዋል። ከዚያ ውሃው ደረቱ ድረስ ሆኖ ይዘፍናል።

ኩዝማን፦ አንድ ጊዜ?

ዛፕርያን፦ እስኪያምር ድረስ። ቀረጻ እኮ ነው።

ኩዝማን፦ የትኛውን ዘፈን?

ዛፕርያን፦ ያንተ የሆኑትን ሁሉ።

(ኩዝማን በመስኮት በረዶውን ያያል።)

ኩዝማን፦ ስማኝማ። እኔ እንኳን ዘፈን፣ ለሚስቴ የአስቤዛ ዝርዝር ጽፌ አላውቅም።

ዛፕርያን፦ እኔ አምንሃለሁ። ዳይሬክተሩ ነው በቃል የማያምነው።

ኩዝማን፦ ያን ወረቀት አምጣው።

(በማስታወቂያው ጀርባ «አንድም ዘፈን አልደረስኩም፤ ሁሉም የዛፕርያን ናቸው» ብሎ ጽፎ ይፈርማል። ዛፕርያን ሁለቴ አንብቦ ኪሱ ይከተዋል።)

ዛፕርያን፦ አባዝቼ ዳቦ ቤቱ፣ መድኃኒት ቤቱና ፌርማታው ላይ እለጥፈዋለሁ።

ኩዝማን፦ የፈለግክበት ለጥፍ። ነገ ስትዘል ብቻ ደረትህን ጠብቅ።

ዛፕርያን፦ እኔ አልዘልም።

ኩዝማን፦ ደራሲው ይዘላል አላልክም?

ዛፕርያን፦ በደራሲው ፈንታ ከሶፊያ የመጣ ዋናተኛ ነው የሚዘለው። ዘፈኑም ስቱዲዮ ተቀድቷል። ደራሲው የሚታየው ከውሃ ከወጣ በኋላ ነው። ብርድ ልብስ ተከናንቦ፣ ምድጃ ዳር የአሳማ ጥብስ በጎመን እየበላ ራኪያ አረቄውን ይጠጣል። ሦስት ቀን ይቀረጻል።

ኩዝማን፦ (ቀስ ብሎ ይቀመጣል) ይሄን ቀድመህ አትነግረኝም?

ዛፕርያን፦ (ኮፍያውን እያደረገ) ድሮም ሥራው አይገባኝም። በል፣ አንተ ንፍሮህን ብላ።