አባ ሸለብታ ስለጠየቁት ቀይ በሬ

እሑድ ሰኔ ፳፬ ቀን ፲፱፻፶፬ ዓ.ም. ከቀኑ በስድስት ሰዓት ግድም የፎገራ ቁሐር ሚካኤል የሰንበቴ ሽማግሌዎች ከቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ውጭ ካለው ዋርካ ሥር ተሰበሰቡ። ከቅጥሩ የወጡት ቄሱ «የዚህ ነገር ስም በደጀ ሰላም አይነሣም» ስላሉ ነው። ስብሰባው የተጀመረው የሰንበቴው ጠላ ካለቀ በኋላ ነው።

የተገኙ፦
ባላምባራስ አዛናው፣ ሊቀመንበር
ቄስ ተክለ ማርያም፣ አባል
አቶ ደሳለው፣ አባልና ሕልሙን ያዩ
አቶ መንግሥቴ፣ አባል (ተኝተው)
ወይዘሮ ይታይሽ፣ የበሬው ባለቤት
አገኘሁሽ ያየህ፣ የስድስተኛ ክፍል ተማሪ፣ ድምፅ የሌላት ጸሐፊ

በሬው ለማስረጃ ቀርቦ ዋርካው ላይ ታስሯል።

ምልዓተ ጉባኤው ተሟልቷል። አቶ መንግሥቴ ይቆጠሩ አይቆጠሩ የሚል ጥያቄ ቢነሣም ሊቀመንበሩ «ጉዳዩ የእንቅልፍ ነው፤ እንዲያውም ከሁላችንም ቀድሞ ሥራ የጀመረው እሱ ነው» ስላሉ ተቆጥረዋል።

፩ኛ. የአቶ ደሳለውን ሕልም ስለ መስማት

አቶ ደሳለው እንዳስረዱት፣ ዐርብ ቀትር ላይ ጋደም ብለው ሳለ አባ ሸለብታ የሚባሉ የሕልም ጌታ በደንገል ታንኳ መጡባቸው። አባ ሸለብታ ሰውን ሁሉ ከንቃት ዳር ወደ እንቅልፍ ዳር ያሻግራሉ። ቅዠት የሚመጣው ታንኳው ሲያዘነብል ነው፤ ፈዞ የሚውል ሰው ደግሞ መሐል ውሃ ላይ የቀረ ነው። ግራ ዐይናቸው ሲተኛ ቀኝ ዐይናቸው ይነቃል። «የይታይሽን ቀይ በሬ ካላረዳችሁልኝ መቅዘፊያዬን እጥላለሁ፤ አገሩ በሙሉ እንቅልፍ ያጣል» አሉ ተብሏል። ቀኑንም ራሳቸው ቆርጠዋል፤ ሐምሌ አምስት።

ጸሐፊዋ ሐምሌ አምስት የሐዋርያት ጾም የሚፈታበት ቀን መሆኑን ብታመለክት፣ ሥራዋ መጻፍ እንጂ ማመልከት አለመሆኑ ተነግሯታል። ይኸው ተጽፏል።

ወይዘሮ ይታይሽ «ባሌ ከሞተ ያለኝ ይኸው አንድ በሬ ነው። ከወንድሜ በሬ ጋር አቀናጅቼ ካላሳረስሁ ልጆቼን ምን ላበላ ነው?» ብለው ጠየቁ። አቶ ደሳለው «እኔ ምን ላድርግ እቴ፣ የተላክሁትን ነው የተናገርሁ» አሉ። ወይዘሮ ይታይሽም የአቶ ደሳለው ሰንጋ ከዚህ ይልቅ የሰባ ስለሆነ አባ ሸለብታ በአንድ ዐይናቸው እንኳ ሊያዩት ይገባ እንደነበር ገለጹ። አቶ ደሳለው የእሳቸው ሰንጋ ጥቁር በመሆኑ በሕልም እንደማይታይ አስረዱ።

ቄስ ተክለ ማርያም ይህ ባዕድ አምልኮ መሆኑን፣ ያረደም የበላም ንስሐ እንደሚገባ በብርቱ ቃል ተናገሩ። ሊቀመንበሩ ግን አባ ሸለብታ የሚበሉት ሽታውን ብቻ እንደሆነና ሥጋው ለሰንበቴው እንደሚተርፍ ሲገልጹ፣ ቄሱ «ሽታውንማ ማን ይከለክለዋል» በማለት ተቃውሟቸውን አለዘቡ።

፪ኛ. ስለ ድምፅ አሰጣጥ

ሊቀመንበሩ እጅ እንዲወጣ ቢጠይቁ የወጣ እጅ አልነበረም፤ ጠላው ሥራውን ጀምሯል። አቶ ደሳለው ራሱ ወደ ደረቱ የወረደ አባል እሺ እንዳለ ይመዝገብ አሉ። ወይዘሮ ይታይሽ «ይኸ እኮ ማንጎላጀት ነው!» ብለው ቢከራከሩም፣ ከረጅም ውይይት በኋላ በአባ ሸለብታ ጉዳይ በማንጎላጀት የተሰጠ ድምፅ በንቃት ከተሰጠው ይልቅ እንዲጸና ተወሰነ። ወዲያው «በሬው ይታረድ?» ተብሎ ሲጠየቅ የአቶ መንግሥቴ ራስ ሦስት ጊዜ፣ የቄሱ ሁለት ጊዜ ወረደ። ጸድቋል።

፫ኛ. ልዩ ልዩ

ሊቀመንበሩ ዐይናቸውን ለአፍታ ለማሳረፍ ፈቃድ ጠይቀው ለራሳቸው ፈቀዱ። አቶ ደሳለውም ተጨማሪ መልእክት ቢኖር ለመቀበል ተከተሏቸው። በዚህ ጊዜ ወይዘሮ ይታይሽ ተነሥተው «አባቶቼ፣ በሬዬን ፈትቼ ወረታ ወንድሜ ዘንድ ልውሰደው?» ሲሉ ጥያቄ አቀረቡ። የአራቱም ራስ ወረደ፤ የሊቀመንበሩ ጢም ደረታቸውን ነካ። ጸሐፊዋ ውጤቱን በሚሰማ ድምፅ አነበበች። ተቃዋሚ ስላልተገኘ በሙሉ ድምፅ ጸድቋል።

፬ኛ. ድንገተኛ ጉዳይ

ዝናብ ጠብ ጠብ ሲል አባላቱ ነቅተው ሴትዮዋንም በሬውንም አጡ። ሊቀመንበሩ «አንቺ ልጅ፣ ምነው አትቀሰቅሽንም ነበር?» ሲሉ፣ ጸሐፊዋ ድምፅ በመስጠት ላይ ያለን አባል ማወክ ነውር መስሏት እንደሆነ መለሰች። አቶ ደሳለው የመጨረሻው ውሳኔ ብቻ እንዲሰረዝ ጠየቁ። ቄሱ ግን ማንጎላጀት ድምፅ ካልሆነ «ይታረድ» የተባለውም እንደሚፈርስ፣ ድምፅ ከሆነ ደግሞ ይታይሽ አራት ለሁለት እንዳሸነፉ አሳሰቡ። አቶ ደሳለው «አባ፣ ይኸን ማን ጠየቀዎ?» አሉ። በዚህ መካከል አቶ መንግሥቴ ነቅተው ስለ ምን እንደሚወራ ጠየቁ። ሲነገራቸው «አባ ሸለብታ ደግሞ ማናቸው?» አሉ።

ውሳኔ፦ ሽማግሌዎች ዐይናቸው እያየ በአንዲት ሴት ተበለጡ ከሚባል ሁሉም ሕልም ነበር ቢባል እንደሚሻል ታምኖበት፣ አባ ሸለብታ እንዳልመጡ፣ በሬውም እንዳልተጠየቀ፣ ከላይ የተወሰነው ሁሉ እንዳልተወሰነ፣ ስብሰባውም እንዳልተደረገ እንዲቆጠር እጅ በማውጣት ተወሰነ።

ስብሰባው ስላልተደረገ ያለቀበት ሰዓት አይታወቅም። አባላቱ ግን ዘጠኝ ሰዓት ላይ ሲበተኑ ታይተዋል።

አገኘሁሽ ያየህ፣ ጸሐፊ