ማጥፊያ የሌለው አስታዋሽ

የስልኬ ማስታወሻ አፕ ቀጠሮ አያስታውስም። ታዲያ ምኑን ማስታወሻ ሆነ ትሉኝ ይሆናል። እኔም ብዬዋለሁ። እሱ ይጽፋል፤ ማስታወሱ የእናንተ ፋንታ ነው።

ለምን አትቀይረውም እንዳትሉኝ። ስልኬ አሮጌ ነው፤ ሌላ አፕ ስጭንበት ቀጥ ይላል። ሲቸግር ጤፍ ብድር ነው፣ መላ መፈለግ ነው እንጂ።

ለምሳሌ አስቸኳዩን ከላይ ማድረግ አያውቅም፤ በፊደል ተራ ነው የሚደረድረው። ስለዚህ አስቸኳይ ነገር ሲኖረኝ ርዕሱ ፊት «ሀ» እጨምራለሁ። በጣም ሲያስቸኩል ሁለት። ብልሃት መስሎኝ ነበር። ብዙም ሳይቆይ ሳሙና መግዛቱም፣ ጫማ ማስጠገኑም በ«ሀ» ሆነና ስልኬን በከፈትኩት ቁጥር የሚስቅብኝ መሰለኝ። የደብረ ብርሃን ብርድ ደግሞ አለላችሁ! ጠዋት ጓንት ማውለቅ ከብዶኝ በአፍንጫዬ ስጽፍ ያዩኝ ጎረቤቶች፣ ስልክ ይሳለማል ብለው አውርተውብኛል።

ይሄ ሁሉ ያስቃል። ትዕግስትን ግን አላሳቃትም።

ትዕግስት አንኮበር የምታስተምር፣ ላገባት የቆረጥኩ ልጅ ናት። አባቷ መሪጌታ ጥላሁን ኮስታራ ሰው ናቸው። እሑድ ሽማግሌ እንደምልክ ለእሷ ነገርኳት፤ እሷም ለእናቷ ሹክ አለች። መሪጌታ እንዳልሰማ ሆነው ንጹሕ ጋቢ ለብሰው ቀኑን ሙሉ ደጅ ደጁን ሲያዩ ዋሉ። እኔ ነገሩን በአምስት «ሀ» ጽፌ፣ ለሽማግሌዎቹ መንገሩን ረስቼ፣ ኳስ ሳይ ዋልኩ። እስካሁን ትዝ ሲለኝ ጆሮዬ ይግላል።

ትዕግስት አልተቆጣችም። ብትቆጣ ይሻለኝ ነበር።

«የሚመጣውንም እሑድ ከረሳኸው፣ አባባ ሁለተኛ ጋቢ ለብሰው አይጠብቁህም» አለችኝ።

ምን ላድርግ? ከግቢያችን በር ላይ ሱቅ ወዳላቸው ወደ እትዬ ዘነበች ሄድኩ። ጠጋ ብዬ እሑድ ሽማግሌ ልልክ መሆኑን ነገርኳቸውና፣ አደራ ለማንም እንዳይነግሩ አልኳቸው። አደራዋን የጨመርኳት ሆን ብዬ ነው። ተራ ወሬ እሳቸው ጋ ሊረሳ ይችላል፤ አደራ የተባለ ግን ቀርቶ አያውቅም።

ካፍ ከወጣ አፋፍ አይደል የሚባለው? በማግስቱ ፀጉር አስተካካዩ ገና ሳልቀመጥ እሑድ መሆኑን አስታወሰኝ። ወያላው ሒሳብ ሲቀበለኝ አስታወሰኝ። መስቀል ያሳለሙኝ ቄስ እንኳ ሽማግሌዎቹን ነግሬያቸው እንደሆነ ጠየቁኝ። እንዲህ ያለ አፕ የት ይገኛል?

እሑድ ጠዋት ሦስቱን ሽማግሌዎቼን ልሸኝ ብወጣ ሚኒባሱ ጢም ብሎ ሞልቷል። ያስታወሰኝ ሁሉ ራሱን ሽማግሌ አድርጎ፣ ነጠላውን አጣፍቶ ተቀምጧል። ውረዱ እንዴት ይባላል? የሽማግሌዎቹ መሪ ጋሽ ከበደ አንድ ጊዜ አዩኝና ጠጋ ጠጋ አሉላቸው።

የቀረውን የነገሩኝ እሳቸው ናቸው። አንኮበር ሲደርሱ፣ አንድ ጊዜ ጋቢ የሸጡልኝ ነጋዴ ሐጂ ሰይድ ከአልዩ አምባ ወጥተው ቆመው እየጠበቁ ነው። ወሬው ቀድሞ ቆላ ወርዷል ማለት ነው። ሽማግሌ ጉዳዩ ሳይሰማ አይቀመጥም፤ ደግነቱ ለዚያ ሁሉ ሰው መቀመጫም አልነበረም። መሪጌታ ከበሩ እስከ አጥሩ የቆመውን ሰው አዩ። ባለቤታቸውን አዩ። ባለቤታቸው የጠላውን ጋን አዩ።

«ወጉ፣ ዘመድ ላማክርና ሌላ ቀን ተመለሱ ማለት ነበር» አሉ መሪጌታ። «ይሄ ሁሉ ሕዝብ ተመልሶ ከሚመጣብኝ ግን፣ ልጄን ሰጥቻለሁ።»

እንዲህ ሆኜ አገባሁ። ሰሞኑን አፑ ታድሶ አስታዋሽ ተጨምሮለታል፤ እኔ ግን አልነካሁትም። እትዬ ዘነበች ገና ሥራ ላይ ናቸዋ። ሠርጉ ባለፈ በሳምንቱ፣ ልጅስ መቼ ነው አሉኝ። ቀጥሎ ፀጉር አስተካካዩ ጠየቀ። ቀጥሎ ወያላው። ትናንት ሐጂ ሰይድ ደውለው፣ ኢንሻአላህ ወንድ ከሆነ በግ እንደሚያመጡ ነገሩን።

ትዕግስት ስልኩን ተቀብላ ከዘጋችው በኋላ ዞር ብላ አየችኝ።

«የዚህን ማጥፊያ ፈልግ» አለችኝ።

እሺ ብዬ ስልኬን አወጣሁና እንዳልረሳው ጻፍኩት። በአምስት «ሀ»።