ልማሊሞ ድንጋይ ይዞ መሄድ

ሐኪሜ አትቆጣ ብሎኛል። ደም ግፊት አለብህ፤ ጨው ቀንስ፣ ቁጣም ቀንስ አለኝ። ጨውን ቀነስኩ። ቁጣውን ግን እንዴት አድርጌ ልቀንሰው? ጨው እኔ ሱቅ ሄጄ የምገዛው ነው። ቁጣውን ሰዎች ቤቴ ድረስ ያመጡልኛል፤ ያውም በነጻ።

የዛሬውን ያመጣብኝ ጉብኝት ነው። አዎ፣ ጉብኝት! ሰው ሊዝናና ሄዶ ግፊቱ ጨምሮ ሲመለስ አይታችሁ ታውቃላችሁ? ካላያችሁ እኔን እዩ።

ነገሩ እንዲህ ነው። እኔ ጎንደር አዲስ ዓለም ተወልጄ፣ አዲስ ዓለም ያረጀሁ ጨርቅ ነጋዴ ነኝ። አባቴም ነጋዴ ነበር። አያቴም እንዲሁ፤ በበቅሎ ጨው ይጭን ነበር። በጣሊያን ጊዜ ታዲያ በአሞሌው መሃል ጥይት እየደበቀ ለአርበኞች ያደርስ ነበር። አንድ ቀን ልማሊሞ አፋፍ ላይ፣ ከደባርቅ አለፍ ብሎ መንገዱ ወደ ቆላ መውረድ የሚጀምርበት ቦታ፣ ጣሊያኖች ያዙት። ጥይቱን አገኙበት። እሱንም፣ ጥይቱን ሊቀበሉት የመጡትን ሦስት ገበሬዎችም እዚያው ረሸኗቸው። አስከሬናቸውን ገደል ጨመሩት። አክስቴ ዘይነባ ያን ጊዜ ገና በእናቷ ሆድ ነበረች።

መቃብር የለም እንግዲህ። ያገሬው ሰው ግን ልማድ አለው። ሰው በግፍ በወደቀበት መንገድ የሚያልፍ ሁሉ አንድ ድንጋይ አንስቶ እዚያ ይጥላል። ገበያተኛው ጣለ። ቄሱ ጣሉ። አባቴ ሸቀጥ ጭኖ ባለፈ ቁጥር ከመኪናው ወርዶ ጣለ። የሞተው እስላም ነው ክርስቲያን ብሎ የጠየቀ የለም። ድንጋዩ ተከመረ፣ ተከመረ፣ ከሰው ቁመት በለጠ። አክስቴ አባቷን የምታውቀው በዚያ ክምር ነው። ልጅ ሆኜ፣ አባትሽ ምን ይመስል ነበር ብዬ ስጠይቃት፣ ረጅም ነው ትለኝ ነበር። ክምሩን ማለቷ ነው።

አሁን አክስቴ ሰማንያን ከተሻገረች ቆየች። ጉልበቷም ከከዳት ሰነበተ። ባለፈው ረመዳን ሲወጣ ግን፣ አባቴን አንድ ጊዜ ሳላይ አልሞትም ብላ ተነሳች። መንገዱም በዚያ ሰሞን ተከፍቶ ነበር። (መንገድ ሲከፈት መሄድ ነው። ለምን ይዘጋል ብላችሁ አትጠይቁኝ፤ ሐኪሙ ከልክሎኛል።) መኪና ልከራይ ብወጣ ምን ቢሉኝ ጥሩ ነው? ቦታው ታጥሯል። አንድ የአስጎብኚዎች ማኅበር ተረክቦታል። ከአስጎብኚ ጋር በትንሽ ቡድን ካልሆነ አይገባም።

አያቴ የሞተበትን ቦታ ለማየት አስጎብኚ! የአባይን ልጅ ውሃ ጠማው ሲባል ስሰማ ተረት ይመስለኝ ነበር። ለማንኛውም ተመዘገብን።

በጉዞው ጠዋት አክስቴ ቦርሳዋን ታቅፋ ወጣች። ልቀበላት ብል እጄን ቁልቁል ሳበው። ምን ይዘሽ ነው ብዬ ብከፍተው ድንጋይ! አባቷ በእጁ ከሠራው ቤት ግቢ የነቀለችው ድንጋይ ነው። አክስቴ፣ ልማሊሞ ድንጋይ ጠፍቶ ነው እንዴ አልኳት። የልማሊሞ ድንጋይ ቤቱን አያውቀውም አለችኝ። ቦርሳውን ተሸከምኩላት።

ኬላው ላይ ፈታሹ ቦርሳውን ከፈተ። ይሄ ምንድነው አለ። ድንጋይ ነው አለችው። ድንጋይ መሆኑንማ አያለሁ፣ ለማን ነው? ለአባቴ። ልጁ እሷን አየ፣ ድንጋዩን አየ፣ እኔን አየ። ቀስ አድርጎ መልሶ ቦርሳውን ዘጋላት። በዚያ ቀን ካየሁት ባለሥልጣን ሁሉ ጨዋው እሱ ነበር።

አስጎብኚያችን ገና ወጣት ነው። ስሙን ነግሮናል፤ እኔ ግን አልጠራውም፤ ግፊቴ ይነሳል። እኛ ሚኒባስ እንኳ አልሞላንም፤ አክስቴና እኔ፣ ከአዲስ አበባ የመጡ ሙሽሮች፣ አንድ የዩኒቨርሲቲ መምህር። እሱ ግን ማይክራፎን ይዞ “ውድ ጎብኚዎቻችን!” እያለ ይጮኻል። ጆሮአችን ሥር ተቀምጦ! እስከ ደባርቅ ያልዋሸው ውሸት የለም። የጣሊያኑ ጄኔራል እዚህ ድንጋይ ላይ ተቀምጦ አለቀሰ አለ። እናቱን ጠርቶ አለቀሰ አለ። ማን ሰማው? ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ ማለት ይህ ነው። መምህሩ ደግሞ ሁሉንም ይጽፋል።

ደረስን። ድሮ ፍርስራሹ ብቻ የቀረው የጣሊያን ምሽግ ቀጥ ብሎ ቆሟል። አዲስ ተጠግኗል። በሩ ላይ አንድ ትልቅ ሰው ዱላቸውን ተደግፈው ቆመዋል፤ አያ ጌጡ ይባላሉ፣ ያገሩ ገበሬ ናቸው፣ ማኅበሩ ጥበቃ አድርጎ ቀጥሯቸዋል። ገና ስንገባ አስጎብኚው አንድ ሣጥን ከፈተ። ውስጡ የፕላስቲክ ቆብና የእንጨት ጠመንጃ አለ። ሰው ሠራሽ ጎፈሬም አለ። ፎቶ የሚነሳ ይምረጥ፤ ወይ አርበኛ ወይ ጣሊያን!

ሙሽራው ምን መረጠ? ጣሊያን! ቆቡ ለፎቶ ያምራል አለ። እኔ አፌን ከፍቼ ሳለሁ ጎፈሬውን አናቴ ላይ ደፉብኝ። ራሴ እንደ ብርጭቆ መላጣ ነው፤ ለመላጣ ሰው አዘኑ መሰለኝ። ላወልቀው ስል ደግሞ ወደ ምሳ ጠሩን። ታሪካዊ ምሳ ነው ተባለ። ምን መሰላችሁ? ፓስታ። ምሽጉ ውስጥ፣ ጣሊያን እንደበላው፣ ፓስታ! ወገኖቼ በተረሸኑበት ደጃፍ ሹካ አዙር ተባልኩ። አልበላሁም። (ርቦኝ ነበር።)

አክስቴ ምሳውንም ሣጥኑንም አላየችም። ዓይኗ ውጭ ውጭ ይላል። ክምሩ የት ነው ብላ ጠየቀች። የቱ ክምር እማማ አላት አስጎብኚው። ከመንገዱ ዳር የነበረው አለችው። ፊቱ በደስታ በራ። ያ ሜዳ ላይ የተዝረከረከው ድንጋይ ነው? እሱንማ ለምሽጉ ጥገና አዋልነው አለ። የዚሁ አገር ድንጋይ ስለሆነ ከጣሊያኑ ግንብ ጋር ቁጭ አለ፣ ማን ይለየዋል አለ። ግድግዳውን ደግሞ በመዳፉ ጠፍ ጠፍ አደረገው።

ገባችሁ? አያቴን የገደለውን ምሽግ በአያቴ መቃብር ጠገኑት። ወርቅ ላበደረ ጠጠር ይባላል። እዚህ ጠጠሩንም ወሰዱት!

ከዚያ በኋላ ያልኩትን ሁሉ አላስታውሰውም። ጮኽኩ። አገር ነው ወይ ይሄ አልኩ። ሙት የማይፈራ ሕያው ምን ያፍራል አልኩ። በደም ነው የተከመረው፣ በደም ነው አልኩ። ደረቴን መታሁ። ጎፈሬው ዓይኔ ላይ ወረደ፤ እሱንም እየገፋሁ ጮኽኩ። ሙሽሪት ስልኳን አውጥታ ቀረጸችኝ። ስጨርስ ምን ሆነ? አጨበጨቡ! የፕሮግራሙ ክፍል መስያቸው አጨበጨቡልኝ። አስጎብኚው፣ እኛም ከጎብኚ የምንፈልገው እንዲህ ያለ ስሜት ነው አለ። ወንድሞቼ፣ ሰው ከቁጣው በላይ ምን አለው? እሱንም ቲያትር ካደረጉበት በምን ይናገር?

ዘወር ስል አክስቴ የለችም። ወጥታለች። ክምሩ የነበረበት መሬት ባዶውን ነው፤ ሣሩ እንኳ ገና አልሸፈነውም። ከቦርሳዋ ድንጋዩን አውጥታ መሃሉ ላይ አስቀምጣዋለች። ብቻውን። ቁጢጥ ብላ ታየዋለች።

“አባቴ አጠረ” አለችኝ።

እኔ እሱን ስሰማ ቁጣዬ ሁሉ ውሃ ሆነ። እሷ ግን አላለቀሰችም። ተነሳች፣ እየተንገዳገደች ወደ ምሽጉ ሄደች፣ ዝቅ ካለውና ሲሚንቶ ካልያዘው ግንብ አናት ላይ አንድ ድንጋይ አነሳች። አስጎብኚው ሮጠ።

“እማማ! ቅርስ ነው፣ አይነካም!”

“እኔ ቅርስህን መች ነካሁ ልጄ? አባቴን ነው የምወስደው።”

ወስዳ ከመጀመሪያው ድንጋይ አጠገብ አኖረችው። ተመለሰች። ሁለተኛውን አነሳች። አስጎብኚው አለቃው ዘንድ ደወለ፤ ኔትወርክ የለም። በዕድሜዬ ለመጀመሪያ ጊዜ ኔትወርክ በመጥፋቱ ደስ አለኝ። ይኼኔ አያ ጌጡ ከበሩ መጡ። እሳቸው ጥበቃ ናቸውና ሊያስቆሟት መስሎኝ ቡጢ ጨበጥኩ።

“ምነው እመይቴ፣ ቆይማ፣ እሱ ይከብድሻል” አሏት። “እኔው በአህያ አጋዝሁት፣ እኔው እመልሰዋለሁ።”

ምነው ታዲያ አያ ጌጡ፣ ምን መሆኑን አያውቁም ነበር አልኳቸው። አጥቼው ነው ልጄ አሉ፤ አባቴ አይደል ሲጥልበት የኖረ! ግን ለልማት ነው አሉን፤ ልማት ነው ሲሉህ ምን ትላለህ? እውነታቸውን ነው፣ ምን ይባላል? በዚህ አገር ለዘመድ እምቢ ይባላል፣ ለመንግሥት እንኳ በሆድ እምቢ ይባላል። ለልማት እምቢ ያለ ሰው ግን እስካሁን አላየሁም።

እኔም ተሸከምኩ። መምህሩ ብዕሩን ኪሱ ከትቶ ተሸከመ። ሙሽሮቹም ነገሩ ሲገባቸው አፈሩና መጡ። ሙሽራው ቆቡን ማውለቅ ረስቶታል። እንዲህ አድርጌ ጣሊያን ለአያቴ ድንጋይ ሲሸከም አየሁ። ጀምበር ስታዘቀዝቅ ክምሩ ከአክስቴ ጉልበት አልደረሰም፤ መኪናው ይሄዳል ተባልን። አክስቴ እጇን ዘርግታ ዱዓ አደረገች። ጎፈሬው ራሴ ላይ መሆኑን ያወቅሁት ወደ ጎንደር ስንመለስ ዳባት ላይ ነው።

ጎንደር ገብቼ ዝም ያልኩ እንዳይመስላችሁ። አመለከትኩ። ትክክል ብለዋል አባታችን፣ ኮሚቴ ይቋቋማል አሉኝ። ሌላ ቢሮ ሄድኩ። ኮሚቴው ተቋቁሟል፣ ሰብሳቢ ይመረጥለታል አሉኝ። ክኒኔን በእጥፍ ዋጥኩ።

ወራት አለፉ። አንድ ቀን ከሳንጃ የሚመጣ ደንበኛዬ፣ ሰሊጥ ነጋዴ ነው፣ ሱቄ ተቀምጦ ልጆቼን ልማሊሞ አስጎበኘኋቸው አለኝ። እንዴት አገኘኸው አልኩት፤ ጥርሴን ነክሼ። አንድ የድንጋይ ክምር አለ አለ። የአንዲት ጀግና ሴት መታሰቢያ ነው አሉን። በጣሊያን ጊዜ በባዶ እጇ የጠላትን ምሽግ ድንጋይ በድንጋይ እያወረደች ስታፈርስ እዚያው ወደቀች አሉን። የገባው ሁሉ አንዳንድ ድንጋይ ይጥልላታል። ዘይነባ ነው ስሟ አለኝ። ልጆቼ አለቀሱ።

መቀሴን መሬት ጣልኩ። ሱቁን ክፍት ትቼ ወደ አክስቴ ሮጥኩ። ገደሉሽ! አልኳት። ያ ቀጣፊ ልጅ በቁምሽ ገደለሽ፤ በማኅፀን የነበርሽውን ሴት ምሽግ አፍራሽ አደረገሽ፤ እከሰዋለሁ! እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል፣ ፍርድ ቤት ይጠራዋል! አክስቴ ሽንብራዋን እየቆረጠመች አዳመጠችኝ። የጠየቀችኝ አንድ ነገር ብቻ ነው። ቁመቱ የት ደረሰ አለች።

ደንበኛዬ እንደነገረኝ ከሰው ቁመት አልፏል አልኳት።

ፈገግ አለች። በል ዝም በል አለችኝ። እውነቱ እያለ ድንጋዩን ወሰዱት፣ ውሸቱ ሲመጣ መለሱት፤ አሁን ከስሰህ ልታሳጥረው ነው? ቀጥላም ተቆጣችኝ። እሷ ናት የተቆጣችኝ! አገር ምድሩ ድንጋይ ሲጥልልኝ አንተ የወንድሜ ልጅ አንድ እንኳ አልጣልክልኝም፤ ሞታለች ሲባል እየሰማህ! አለች።

ምን ላድርግ? ከግቢዋ አንድ ድንጋይ ነቅላ አስያዘችኝ። ሄድኩ። በሩ ላይ አያ ጌጡ አወቁኝ፤ ወደ ሰማይ አዩ። አስጎብኚው አላወቀኝም። ያኔ ጎፈሬ ነበረኝ፤ ዛሬ መላጣ ነኝ። ክምሩ ፊት አቆመንና ስለ አክስቴ አሟሟት በማይክራፎን ነገረን። አወራሩ ደግሞ መጥፎ አይደለም፤ አስለቃሽ ነው። ተራዬ ሲደርስ ድንጋዬን አስቀመጥኩ። ክምሩ ከእኔ ይረዝማል። አያቴ እንደገና ረዝሟል። እንባዬ ያመለጠኝ ያኔ ነው።

አስጎብኚው አዘነልኝ። ማይክራፎኑን ዝቅ አድርጎ፣ አባቴ፣ ጀግናዋን ያውቋት ነበር እንዴ አለኝ።

ትናንት ማታ አብረን ሽሮ በላን ልለው አፌን ከፈትኩ። ክምሩን ቀና ብዬ አየሁት።

“በዝና ነው” አልኩት።