ከስሙ ቀጥሎ ድራማ ይቀርባል

ታላላቅ ሰዎችን ማመስገን ግዴታችን ነው፤ በተለይ ራሳቸውን አመስግነው ካልጠገቡ። ስለዚህ ቴሌቪዥን ገና አራስ ሳለ፣ ድራማ ሁሉ በቀጥታ በሚተላለፍበት ዘመን፣ በከተማችን አዘጋጅና ዳይሬክተር ስለነበሩት ጌታ ጥቂት እንበል።

በዚያን ጊዜ የሠራተኛ ስም በካርቶን ላይ በቀለም ይጻፍና በእጅ ተይዞ ካሜራ ፊት ይቀርብ ነበር። አዘጋጁ ሥራ ሲጀምሩ የነበራቸው አንድ ካርቶን ነው። ትሕትናቸው ግን አላስቀመጣቸውም። “አዘጋጅ” ሲጻፍ “ዳይሬክተር” እንዳይከፋው ብለው ለእሱም ለብቻው አሠሩለት። ከዚያ “የሐሳቡ አመንጪ” መጣ፣ ከዚያ “የሐሳቡ ፈቃጅ”፣ ከዚያ “የበላይ ተቆጣጣሪ”። ስሙ ያው የእሳቸው ነው፣ እስከ ቅድመ አያት። ስሙ ሲረዝም ካርቶኑም ገዘፈ፤ ከኋላው የቆመ ሰው ከጣቶቹ በቀር አይታይም።

የድራማው ጊዜ ግማሽ ሰዓት ነው፤ ወዲያ ወዲህ የለም። ካርቶን በተጨመረ ቁጥር ከድራማው ሰው ይቀነሳል። መጀመሪያ ጎረቤቶቹ ተሰናበቱ። ቀጥሎ ባልየው ሞተ፤ ሚስትየው ለማልቀስ እንኳ ጊዜ ሳታገኝ ተከተለችው። አዘጋጁ በስብሰባ ላይ ጥበብ ማለት ቁጠባ እንደሆነ አስረዱ፣ ተጨበጨበላቸው። አጨብጫቢ ደግሞ የትም አገር ጠፍቶ አያውቅም።

በመጨረሻ የተረፈው ሐኪም ሆኖ የሚጫወተው ተዋናይ ብቻ ነበር። እናቱ ልጇ ቴሌቪዥን ውስጥ እንደሚሠራ ትሰማለች እንጂ አንድም ቀን አይታው አታውቅም። በዚያ ሳምንት “የጥበብ አማካሪ” የሚል ካርቶን ሲጨመር የሐኪሙ ንግግር ተሰረዘ። ተዋናዩ አዘጋጁ ቢሮ ገብቶ ለመነ።

“ጌታዬ፣ አንዲት ዓረፍተ ነገር ትትረፍልኝ። እናቴ ዛሬ ጎረቤት ቤት ተቀምጣ ትጠብቀኛለች።”

አዘጋጁ አዘኑለት። ካርቶኖቹን እሱ እንዲይዝ ፈቀዱለት።

“እጅህ ይታያል” አሉት። “ለሐኪም ደግሞ ዋናው እጅ ነው።”

ምስኪኑ ግማሽ ሰዓት ሙሉ ነጭ ጋውኑን ለብሶ ካርቶን ሲቀያይር አመሸ። ልክ ሲጨርስ ሰዓቱ አለቀ። የጣቢያው ኃላፊ ወዲያው ስልክ ደወሉ፤ ንግግር የረሳ፣ በር የሳተ፣ በሞተበት ያስነጠሰ ተዋናይ የሌለበት ድራማ ሲያዩ የመጀመሪያቸው ነበር። በማግስቱ አዘጋጁ የመምሪያ ኃላፊ ሆኑ።

ሹመታቸውን ሰምተው ሲወጡ፣ የተዋናዩ እናት በሩ ላይ ቆማ ልጇን ትጠብቃለች። አዲሱ ሹም ሕዝብ የሚወዱ ሰው ናቸውና ጠጋ ብለው ድራማውን እንዴት እንዳየችው ጠየቋት።

“ደህና ነው” አለች። “ልጄን ግን አላየሁትም። አንድ ሰውዬ ፊቱ ላይ ተገትሮበት።”

“ማነው እሱ፣ እማማ? ይንገሩኝ፣ ዛሬውኑ ከሥራ አስወጣዋለሁ።”

“እኔ ምን አውቄው፣ ጌታው። ስሙ እንኳ ተጽፎ ነበር።”