ስሜ ሁለት ሰዓት የቆመበት ፊልም

ትናንት ማታ በሕልሜ ስኮትላንዳዊ ሆንኩ።

የመጀመሪያው ድራማዬ በቴሌቪዥን ሊታይ ነበር፤ ጎረቤቱ ሁሉ እናቴ ቤት ተሰብስቧል። እናቴ ፊደል የቆጠረችው ካረጀች በኋላ ስለሆነ ቀስ ብላ ነው የምታነበው። «ስሜ መጨረሻ ላይ ይወጣል፤ አደራ እንዳያመልጥሽ» አልኳት። ከዚያ ሰሞኑን በጭንቀት የራቀኝ እንቅልፍ ሶፋው ላይ ጣለኝ።

ስኮትላንድ፣ ግላስጎው ከተማ ነበርኩ። ዝናቡ ከመሬት ወደ ሰማይ ይዘንባል። ስሜ ዱጋልድ፣ ሙያዬ የቴሌቪዥንና የፊልም ድርሰት ነው። የዕድሜ ልክ አገልግሎት ሽልማት የሰጡኝ ሥራ በጀመርኩበት ዕለት ነው። ከዚያ በፊልም ዝነኛ ሆንኩ። ጥቂት ቆይቶ ወደ ቴሌቪዥን አደግኩ፤ በመጨረሻም በብዙ ትግል ጀማሪ ለመባል በቃሁ።

ደጃፌ ላይ ታላላቅ ተዋንያን ጃንጥላቸውን ገልብጠው ተሰልፈዋል።

«ጋሽ ዱጋልድ፣ አንዲት ቃል ብቻ ይጻፉልኝ!» አለ አንዱ።

«ቃል አልቋል። ሳል ትሆንሃለች?»

«ሳል! እግዜር ይስጥልኝ!» ብሎ እየሳለ ወደ ቤቱ ሮጠ።

የፊልሜ አዘጋጅ ሻይ ይዞልኝ መጣ። «ጋሼ፣ ከጻፉት አንዲት መስመር ብቆርጥ እጄን ይቁረጠው!» አለና መቀሱን በሻይ አወራርዶ ዋጠው። በድርሰቴ የገደልኳቸው ሽማግሌም መጥተው ትከሻዬን ቸብ አደረጉኝ። «ደግ አደረግህ ልጄ፤ በሕይወቴ እንዲህ ተለቅሶልኝ አያውቅም።»

ሲኒማ ቤት ገባን። መብራት ጠፋና ሸራው ላይ ዱጋልድ ሳይሆን የገዛ ስሜ ወጣ፦ ደራሲ ሰይፈ ወንድይራድ። ሁለት ሰዓት ሙሉ ሌላ ነገር አልታየም። ሕዝቡ ስሜን እያየ ሳቀ፣ አለቀሰ። ታሪኩ መጨረሻ ላይ በደቃቅ ፊደል ሽው ብሎ አለፈ፤ ማንም ልብ አላለውም። እናቴ ከፊት ወንበር ተቀምጣ፣ ጣቷን ወደ ሸራው ቀስራ «ደ... ራ... ሲ...» ትላለች። ደረቴ ተነፋ። «ሰ...» ስትል፦

«እልልልልል!»

ነቃሁ። ድራማው አልቆ የሠሪዎቹ ስም እያለፈ ነው። እናቴ ደስታው አላስቀምጥ ብሏት ብድግ ብላለች፤ ጀርባዋን ለቴሌቪዥኑ ሰጥታ፣ ነጠላዋን እንደ ክንፍ ዘርግታ ለጎረቤቱ ታውጃለች።

«ይህን ሁሉ የጻፈው ይሄ የሚያንኮራፋው ልጄ ነው!»

«እማዬ፣ ስሜ! ዘወር በይ!»

«ዝም በል አንተ! ስለ አንተ እያወራሁ አይደለም እንዴ!»

ከነጠላዋ ኋላ ሙዚቃው አለቀና የሳሙና ማስታወቂያ ገባ።