ሰው ወዳለበት ተራራ ለምትሄዱ ድቦች

ትናንት በቀትር፣ ፓርኩ ጽሕፈት ቤት ግቢ ውስጥ አግዳሚ ወንበር ላይ ሆኜ ፈተናዬን ስጠብቅ፣ ሸለብ አደረገኝና ይኼን ሕልም አየሁ።

ፈተናው የአስጎብኚነት ባጅ የሚያሰጥ ነው። ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ እንግዳ ይዤ ተራራ ስወጣና ስወርድ፣ ድንኳን ስተክልና ስነቅል፣ ወረቀት አለህ ወይ ያለኝ ሰው አልነበረም። ዘንድሮ ግን ባጅ የሌለው ሥራ የለውም ተባለ። ለዚሁ ብሎ ከከተማ አንድ ወጣት አሰልጣኝ መጥቶ አምስት ቀን አስተማረን፤ መጽሐፍም አደለን። መጽሐፉ ድብ ካለበት አገር የመጣ ነው። ወደ አማርኛ የመለሰውም ሰው አንድ ነገር እንዳይጎድልበት የተጠነቀቀ መሰለኝ፣ ከዳር እስከ ዳር ስለ ድብ ነው የሚያወራው። ድብ ብታገኙ፣ ድብ ድንኳናችሁን ቢያሸት፣ ድብ ከነግልገሏ ብትመጣ። እኛ አገር ድብ የለም። ይኼንኑ አሰልጣኙን ብጠይቀው፣ “ልክ ነዎት ጋሼ፤ ፈተናው ላይ ግን አለ” አለኝ። ምን እላለሁ? ልጄ አትጠገብ ጮክ ብላ ስታነብልኝ፣ እኔም እየሰማሁ በቃሌ ያዝኩት። ዕድሜ ልኬን ያወቅኩት ሁሉ በጆሮዬ የገባ ነው።

እናም በሕልሜ ስሜ ተጠራ። ተነሥቼ የቢሮውን በር ስከፍተው ውስጡ ተራራ ሆኖ አገኘሁት። ተራራው ደግሞ የሚወጣው ወደ ታች ነው። ጫፉ ላይ ለመድረስ መውረድ ያስፈልጋል። ቁልቁል የሚሄደው ያለከልካል፤ ሽቅብ የሚሄደው እያፏጨ ያልፋል። መንገድ ላይ አንዲት በቅሎ አንድ ረጅም ፈረንጅ ላይ ተቀምጣ አገኘችኝ።

“እንዴት ነው፣ ይመቻል?” አልኳት።

“እግሩ ደህና ነው” አለችኝ። “ገደል ባየ ቁጥር እየቆመ ፎቶ ማንሳቱ ነው ያስቸገረኝ።” በጎኑ ቸብ አደረገችውና ሄዱ።

ትንሽ እንደወረድኩ፣ አንዲት ረጅም የጅብራ ተክል ሥር አንድ ጭላዳ ዝንጀሮ ካፖርቱን ደርቦ፣ ጠመንጃውን ታቅፎ ተቀምጧል። የፓርኩ ጠባቂ፣ ስካውት ነው።

“ወዴት ነው ጋሼ?” አለኝ።

“ለፈተና።”

“ፈታኝ ነዎት ወይስ ተፈታኝ?”

“ተፈታኝ።”

“እንዴ! እንግዲያው አውሬው እርስዎ ነዎታ!” ብሎ ከተቀመጠበት ብድግ አለ። “ከጠዋት ጀምሮ ሲጠብቁዎት ነው የዋሉት። ይግቡ፣ ይግቡ።”

ገባሁ። ሜዳው ላይ አርባ የሚሆኑ ድቦች አዳዲስ ጫማ አድርገው፣ ቦርሳ አዝለው ተሰብስበዋል። ሰው ያለበት ተራራ ላይ ድንኳን ሊተክሉ ከአገራቸው የመጡ ናቸው። በትልቁ የተጻፈ ሰሌዳም ቆሟል፤ “ሰው መመገብ ክልክል ነው” ይላል።

ሁለት ጎረምሳ ድቦች ጆንያ ተሸክመው ወደ እኔ መጡና ከእግሬ እስከ ራሴ ለኩኝ።

“ቁመቱ ጥሩ ነው” አለ አንደኛው።

“ምን ፈለጋችሁ?” አልኩ።

“መጽሐፉ ስንቃችሁን ሰው እንዳይደርስበት ዛፍ ላይ ስቀሉ ይላል። እዚህ ዛፍ የለም። እስቲ እጅህን ዘርጋ።”

ዘረጋሁ። ጆንያቸውን ክንዴ ላይ አንጠለጠሉት። “ሰው ከመጣ ጩህ” ብለውኝ ሄዱ። እኔም የማር ጆንያ ተሸክሜ ሰው እንዳይመጣ መጠበቅ ጀመርኩ። ደግነቱ ማንም አልመጣም።

ከዚያ ትምህርቱ ተጀመረ። አሰልጣኟ መነጽሯን አንገቷ ላይ ያንጠለጠለች ትልቅ ድብ ናት። በዱላዋ መሬቱን ሁለቴ መታ መታ አደረገችና ድቦቹ ጸጥ አሉ።

“ሰው ካለበት ብቻችሁን አትሂዱ” አለች። “ሰው ብታገኙ አትሩጡ። ከሮጣችሁ፣ አንድ ነገር ቢያደርግ ነው የሮጠው ይላችኋል።”

ድቦቹ ጻፉ።

“በሰውና በስልኩ መካከል አትግቡ። ብዙ ድብ የተጎዳው እዚያ ላይ ነው።”

አንድ ትንሽ ድብ እጁን አወጣ። “ከረባት ያሰረ ሰው ቢያጋጥመንስ?”

“ቁጭ ብላችሁ ስሙት። ሲጨርስ በራሱ ጊዜ ይሄዳል።”

“ካልጨረሰስ?”

“የሞተ ምሰሉ።”

“ከሞትንም በኋላ ከቀጠለስ?”

አሰልጣኟ አሰበችበት። “አንዳንዱ አዎ፣ ይቀጥላል” አለች በመጨረሻ፤ ድቦቹም ያንኑ ጻፉ። እኔም ልማድ ሆኖብኝ እየሰማሁ በቃሌ ያዝኩ።

ይኼን ጊዜ ዓይኗ እኔ ላይ አረፈ።

“አንተ ነህ ባጅ የምትፈልገው?”

“አዎ፣ እሜቴ።”

“ባጅ ለማን እንደሚሰጥ ታውቃለህ?”

“ለተማረ መስሎኝ ነበር።”

ሜዳው ሁሉ ሳቀ። “ለተማረማ ምን ያደርግለታል?” አለች። “ባጅ የሚሰጠው ላስቸገረ ሰው ነው። ድንኳን ለቀደደ፣ ስንቅ ለዘረፈ። ከሩቅ እንዲለይ ጆሮው ላይ እናንጠለጥልለታለን።” ሣጥኗን ከፍታ አንድ ባጅ መዝዛ አሳየችኝ። የእኔ ፎቶ፣ የእኔ ስም፣ ማኅተሙም አለበት። ይኼን ሳልይዝ ብወጣ ነገ ተራራ የለም፤ ሥራም የለም። በሕልሜም ይኼን አልረሳሁትም።

“እስቲ እስከ ዛሬ ያስቸገርከውን ተናገር” አለችኝ።

አሰብኩ። “አንድ ጊዜ የእንግዳ ባትሪ ሳላየው ኪሴ ገብቶ ቤቴ ድረስ ወስጄዋለሁ።”

ድቦቹ ቀና ቀና አሉ። “ከዚያስ?”

“ተመልሼ ወጥቼ ሰጠሁት።”

“እህህ” አሉ ባንድነት፣ እንደ ማዘን።

“ሌላስ?”

“ስተኛ አንኮራፋለሁ።”

“እኛም እናንኮራፋለን። ይኼ አይያዝልህም።” በዱላዋ አንድ ቢጫ ድንኳን አሳየችኝ። “ያ ድንኳን ውስጥ ስንቅ አለ። ሂድና አስቸግር። ዝረፍ፣ ቅደድ፣ እንደምታውቅበት። ካላስቸገርክ ባጁን እርሳው።”

ጆንያውን ለጭላዳው አስረከብኩና ሄድኩ። ድንኳኑ ደጃፍ ስደርስ እንዴት ዝም ተብሎ ይገባል?

“ቤቶች!” አልኩ።

“ማነው?” አለ ወፍራም ድምፅ።

“እኔ ነኝ። ይቅርታ፣ ልዘርፋችሁ መጥቼ ነበር።”

“ግባ፣ ግባ! ምን ደጅ ላይ አቆመህ?”

ገባሁ። አንድ ሽማግሌ ድብና ሚስቱ ተቀምጠዋል። ሲያዩኝ ሁለቱም “ኖር!” ብለው ተነሡ።

“በእግዜር! አረ አትነሡ፣ ለዘራፊ አይነሡም” አልኩ።

“ታዲያ ቆመህ ልትዘርፍ ነው?” አለች ሚስትየዋ። “አረፍ በል እንጂ።” ዱካ ሳበችልኝ። ቀጥላም ጥብስ የሞላ ሣህን ፊቴ አቀረበችልኝና፣ “በል ዝረፍ” አለችኝ።

ሽታው አማለለኝ። ቀኑ ግን ዓርብ ነው፤ በሕልምም ቢሆን ዓርብ ዓርብ ነው።

“እመቤቴ፣ አይክፋሽና ዛሬ ዓርብ ነው” አልኳት።

“ውይ! አፈር ልብላ፣ ረስቼው እኮ ነው!” ብላ ሣህኑን አነሣች። ከዚያ ወደ ባሏ ዞራ፣ “አንተ፣ ለዘራፊ የሚሆን የጾም ነገር ጠፋ?” አለችው።

ሽማግሌው ቦርሳውን በረበረ። ያወጣው አንድ ቀይ ቆርቆሮ ነው። “ያለን ይኼ የበርበሬ መርጫ ብቻ ነው” አለ አፍሮ። “መጽሐፉ ሰው ሲመጣባችሁ ፊቱ ላይ ርጩበት ይላል። እኔ ግን እንግዳ ላይ እንዴት ብዬ...”

“ርጭብኝ እንጂ” አልኩት። “ደንብ ደንብ ነው።”

ዓይኑን ጨፍኖ ረጨብኝ። ከንፈሬን ላስ አደረግኩ። ሁለቱም ትንፋሻቸውን ይዘው ያዩኛል።

“እንዴት ነው?” አለች ሚስትየዋ።

“በርበሬው ግሩም ነው፤ ኮረሪማውም ይታወቃል” አልኩ። “ጨው ግን ትንሽ ያንሰዋል።”

“አላልኩህም!” ብላ ባሏን በክርኗ ጎሰመችው። “ጨው ጨምርበት ብዬ ነበር እኮ!”

እኔም በርበሬ ሲታሽ ምን ምን እንደሚገባበት እናቴ ለጎረቤት ስትናገር የሰማሁትን ነገርኳቸው። በጥሞና ሰሙኝ። ስወጣም መረቅኳቸው፤ “አሜን፣ አሜን” አሉ አንገታቸውን ዝቅ አድርገው።

ውጪ አሰልጣኟ ፊሽካ ነፋች። “ጨረስክ?” አለችኝ፤ ወደ ድንኳኑም ዞራ፣ “ምን አስቸገረ?” ብላ ጠየቀች።

ሽማግሌው ራሱን ከድንኳኑ አወጣ። “ኧረ ምንም! ኧረ እንዲህ ያለ ዘራፊ ሁልጊዜ ይምጣብን!” አለ። ለእኔ መጥቀሙ ነበር።

አሰልጣኟ መነጽሯን ዓይኗ ላይ አድርጋ መዝገቧ ላይ “ለማዳ” ብላ ጻፈችብኝ። ባጄንም ሣጥን ውስጥ መለሰችው።

“እሜቴ፣ አንድ ዕድል ይስጡኝ” አልኩ። “ሌላ ሥራ አላውቅም። ጉልበቴም ከዚህ በኋላ ሌላ የሚማር አይደለም።”

ለካ ድብም ሆዷ ይራራል። “እሺ” አለችኝ። “እነዚህ ተማሪዎች አንድም ቀን ሰው ሲጮህ ሰምተው አያውቁም። አንድ ጊዜ ጩህላቸው። የምር ያስፈራቸው እንደሆነ ባጁን አንጠለጥልልሃለሁ። ካላስፈራቸው ግን ሌላ ወረዳ ወስደን እንለቅሃለን።”

አርባው ድብ እርሳሱን አዘጋጀ። ጭላዳውም ጠመንጃውን ወልወል አድርጎ ጠጋ አለ። ጉሮሮዬን ጠረግኩ። “ዋ!” አልኩ። አንዱ አዛጋ። “ሂድ ከዚህ!” አልኩ። ትንሹ ድብ “ወዴት?” ብሎ ጠየቀኝ። ያለኝን ጨርሼ ቆምኩ። እኔ ሰውን አስፈራርቼ አላውቅም፤ ሰው እኔን ያስፈራራኝ ግን ብዙ ነው። ከሰማሁት ሁሉ የትኛው ነው ይበልጥ ያስፈራኝ ብዬ ወደ ኋላ ተመለከትኩ። መጣልኝ። ደረቴን ነፋሁ፤ እጄን ኪሴ ከተትኩ፤ ማንንም ሳላይ፣

“ነገ ተመለሱ!” አልኩ። “ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው!”

ሜዳው ተተራመሰ። ድቦቹ ቦርሳቸውን እየጣሉ ገደል ለገደል ተበታተኑ። አንዱ ጅብራ ላይ ወጥቶ ከነጅብራው ወደቀ። ጭላዳው ጠመንጃውን ጥሎ፣ “እኔ የለሁበትም! እኔ ተቀጣሪ ነኝ!” እያለ ጠፋ። ሽማግሌው ድብ ሚስቱን አዝሎ ሮጠ። ሚስትየዋ ጀርባው ላይ ሆና፣ “ማኅተም አምጡ ሳይለንም አይቀርም!” ትላለች። አሰልጣኟ ብቻ ቀረች። እሷም እየተንቀጠቀጠች ባጁን ከሣጥኑ አወጣች፤ “ይገባሃል፣ ወንድሜ፣ ይገባሃል” እያለች ጆሮዬን ያዘችና ነቀነቀችው፣ ነቀነቀችው፣

“ጋሼ ቢያድግልኝ! ጋሼ ቢያድግልኝ! ይነሡ እንጂ!”

ዓይኔን ገለጥኩ። የጽሕፈት ቤቱ ጸሐፊ ትከሻዬን ይዛ ትነቀንቀኛለች።

“ተጠራሁ?” አልኩ።

“ምን መጠራት! አሰልጣኙ ጠፋ! ጠዋት ፎቶ አንሥቼ ልምጣ ብሎ ብቻውን ወደ ላይ ወጣ፤ ይኸው አልወረደም። ስልኩም አይሠራም። ከእርስዎ በላይ ተራራውን የሚያውቅ ማን አለ? ይድረሱለት!”

ነጠላዬን አገልድሜ ወደ ፓርኩ በር ሮጥኩ። በሩ ላይ ሰንሰለት ተወጥሯል። ጥበቃው ሻረው የሰፈሬ ልጅ ነው፣ ክርስትናውን የበላሁ። ቆሞ ጠበቀኝ።

“ባጅዎን፣ ጋሼ።”

“ሻረው፣ ባጁን የሚሰጠኝ ሰው ነው እላይ የጠፋው።”

“ሰምቻለሁ። ሲወርድ ይሰጥዎታል፤ ያኔ ይገባሉ።”

“ማን ያወርደዋል?”

“ባጅ ያለው ሰው።”

“ባጅ ያለው ማን አለ?”

“ገና አልተሰጠማ” አለኝ፣ ልክ እንደ ተራ ነገር።

ሽቅብ አየሁ። ጉም ተራራውን እስከ ወገቡ ውጦታል። ከጉሙ ውስጥ ጠፍ፣ ጠፍ፣ ጠፍ የሚል ድምፅ ይመጣል። ድብ ባለበት ስትሄዱ፣ ድቡ ድንገት እንዳይደነግጥባችሁ እያጨበጨባችሁ ሂዱ ይላል መጽሐፉ።

ሻረውም ጆሮውን አቀና። “ደህና ነው” አለኝ። “ያው እያጨበጨበ ነው።”

ጭብጨባው ግን ወደ ገደሉ አፋፍ እየሄደ ነበር። በስመ አብ ብዬ ሰንሰለቱን ከፍ አድርጌ በሥሩ ገባሁ።

“በሕግ አምላክ፣ ጋሼ!” ብሎ ጮኸ ሻረው ከኋላዬ። “ፈተናውን ይወድቃሉ እኮ!”