ገልብጠው የሚያነቡት ክብርት መርማሪ

የዕቃውን ጀርባ ሳያነብ የማይገዛ ሰው የሌለበት ሰፈር የለም። እኛ ጋ የለም የሚል ካለ፣ ከኋላው ተሰልፎ አያውቅም ማለት ነው።

ለሰፈራችን ባለሱቅ የደረሱት ክብርት መርማሪ ነበሩ። ስሙን ያወጣላቸው እሱ ነው፤ ፊት ለፊት ግን «እትዬ» ይላቸዋል።

ክብርት መርማሪ ሳሙና ያነሣሉ፣ ይገለብጣሉ፣ አፍንጫቸው ድረስ ያስጠጋሉ። «የከብት ስብ አለበት» ይላሉ፣ ሱቁ ሁሉ እንዲሰማ። ከኋላ ያለው ሲደነግጥ «አልከለከልኩም፤ እወቁ ነው ያልኩት» ብለው ያንኑ ሳሙና ይገዛሉ። የሚለጠጠው ከረሜላ ከቆዳና ከአጥንት ተቀቅሎ በሚወጣ ጄላቲን እንደሚሠራ ለልጆች ነገሯቸው፤ ልጆቹ በደስታ ሁለት ሁለት ገዙ። ሊፕስቲክ የምትመርጥ ሙሽራን ደግሞ «ይሄ ቅላት ከተፈጩ ተባዮች ነው፣ ልጄ» አሏት።

«ታዲያ አያምርብኝም?»

«ማማሩንስ ያምርብሻል።»

ዋናው ምርመራ ግን የድመታቸው ምግብ ነበር።

«‹የእንስሳት ተረፈ ምርት› ይላል። የየትኛው እንስሳ? ሳንባው ነው ጉበቱ?»

«እኔ አላረድኩት፣ እትዬ! ድመቱ እንኳ አልጠየቀም።»

«አፍ ስለሌለው አይደል እኔ የምጠይቅለት?»

ከዚያ ዓይናቸው ደከመ። ድመቱን ለባለሱቁ አደራ ሰጥተው፣ ለሕክምና ሩቅ ከተማ ወዳለችው ልጃቸው ሄዱ። ለጥቂት ቀን የተባለው ወራት ፈጀ። ሰው ሁሉ ዕቃውን አንሥቶ፣ ከፍሎ ውልቅ ይላል። ባለሱቁ ሲመኝ የኖረው ይህንኑ ነበር፤ አሁን ግን በሩ በተከፈተ ቁጥር አንገቱን ያሰግጋል።

አንድ ቀን ደወሉ። «ድመቴ እንዴት ነው?»

ይመጡ ይሆናል ብሎ ዋሸ። «ምግብ እምቢ ብሏል፣ እትዬ። ከስቷል። እርስዎ ካልመጡ እንጃ።»

ድመቱ ጠግቦ ስልኩ አጠገብ ባንኮኒው ላይ ተዘርግቷል።

«ታዲያ እዚያ ኩርርር የሚለው ማነው?»

ባለሱቁ ድመቱን ከስልኩ ገፋ አደረገው። እሳቸው ግን ቀጠሉ።

«ሐኪሙ ገና አለቀቀኝም፣ ልጄ። እዚህ ሁሉ ነገር ተገዝቶ፣ ተከፍቶ ነው የሚቀርብልኝ። በል አንድ ነገር አንሣና ጀርባውን አንብብልኝ።»

እጁ የደረሰበት የጥርስ ሳሙና ነበር። «ውኃ… ግሊሰሪን…»

«ከስብ ነው ከተክል?»

«አይናገርም፣ እትዬ።»

«አየህ! ቀጥል።»

የተሰለፉት ሰዎች ማጉረምረም ጀመሩ። ባለሱቁ እጁን አንሥቶ ዝም አሰኛቸውና፣ ቶሎ እንዳያልቅበት ቀስ እያለ ቀጠለ።